የአላን ቱሪንግ ሕይወትና የኳንተም ስሌት ነገር

ኮምፒዩተር የሚባለው የሒሳብ መኪና ዛሬ በደሴ ፒያሳ ካሉት ፎቶ ኮፒ ቤቶች አንሥቶ እስከ ኮምቦልቻ ፋብሪካዎች ድረስ ያልገባበት የሥራ ቦታ የለም ማለት ይቻላል። ይሁን እንጂ ይህ መኪና ገና በብረትና በሽቦ ሳይሠራ አስቀድሞ በሐሳቡ ሠርቶት፣ ምን ሊያደርግ እንደሚችልና ከቶ ምን ሊያደርግ እንደማይችል በሒሳብ አረጋግጦ ያለፈውን ሰው ታሪክ ጠንቅቆ የሚያውቅ ከመካከላችን ጥቂት ነው። ይህ ሰው አላን ማቲሰን ቱሪንግ ይባላል። የኖረው 41 ዓመት ብቻ ሲሆን፣ ከሞተ ከሰባ ዓመት በላይ ሆኖታል።

ታሪኩን እንድንጽፍ ያነሣሣን ግን የሰውየው ታላቅነት ብቻ አይደለም። ኳንተም ኮምፒዩተር የሚባል አዲስ ነገር በውጭ አገር ቤተ ሙከራዎች ውስጥ በመሠራት ላይ መሆኑ ከተሰማ ወዲህ፣ ነባሩ ኮምፒዩተር ዘመኑ አልፎበታል፤ እንግዲህ እርሱን መማር ጊዜ ማባከን ነው የሚል ወሬ በተማሪው ዘንድ እየተናፈሰ ነው። ወሎ ዩኒቨርሲቲ በ2014 ዓ.ም. ጦርነት ብዙ ንብረቱን የተዘረፈ ስለሆነ፣ ይህ ወሬ ለኛ የሻይ ቤት ጨዋታ ብቻ ሊሆን አይችልም። ያለንን ጥቂት ገንዘብና የወጣትነት ዘመናችንን በምን ላይ እናውለው የሚለውን ጥያቄ ይነካልና። እኛ የአርትስ ተማሪዎች ነን፤ ፊዚክስ ሙያችን አይደለም። ነገር ግን ክርክሩን እስከ ሥሩ ብንከተለው የሚያደርሰን ከዚሁ ሰው ዘንድ ስለሆነ፣ በሰው ታሪክ በኩል መግባትን መረጥን። ከዚህ በታች የተጻፉት ዓመቶች ዓ.ም. ካልተባለባቸው በቀር በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

ቱሪንግ የተወለደው ጁን 23 ቀን 1912 በለንደን ከተማ ነው። አባቱ በሕንድ አገር የእንግሊዝ መንግሥት ሹም ስለነበረ፣ ወላጆቹ ወደዚያው ሲመላለሱ አላንና ታላቅ ወንድሙ ጆን በእንግሊዝ አገር በባሕር ዳርቻ በምትገኝ ከተማ፣ በአንድ ጡረተኛ ኰሎኔል ቤት አደጉ። በሰው ቤት ያደገ ልጅ ወይ ተጫዋች ይሆናል ወይ ዝምተኛ፤ አላን ዝምተኛውን ሆነ። በ1926 ሸርቦርን ወደሚባለው አዳሪ ትምህርት ቤት ሊገባ በተነሣ ጊዜ፣ ትምህርቱ የሚከፈትበት ቀን በአገሩ ከተነሣው ታላቅ የሥራ ማቆም አድማ ጋር ገጠመና ባቡር ታጣ። ልጁም ከሳውዝሃምፕተን ወደብ ብስክሌቱ ላይ ወጥቶ 60 ማይል ያህል ብቻውን ነድቶ፣ በመንገድ አንድ ሌሊት አድሮ በማግሥቱ ከትምህርት ቤቱ ደረሰ። ይህ ከደሴ ኮምቦልቻ ሁለት ጊዜ ደርሶ መልስ እንደ መሄድ ነው፤ የሐረጎን ዳገት ግን አልቀመሰም።

በትምህርት ቤቱ አልተወደደለትም። የእጅ ጽሕፈቱ የተበላሸ፣ ደብተሩ በቀለም የጨቀየ፣ በላቲንና በእንግሊዝኛም ደካማ ነበረ። ትምህርት ቤቱ ደግሞ ከሒሳብ ይልቅ የጥንት ቋንቋዎችን የሚያከብር ስለነበረ፣ ርእሰ መምህሩ ይህ ልጅ የሳይንስ ሰው ብቻ መሆን ከፈለገ እዚህ መቀመጡ ከንቱ ነው ወደሚል አሳብ አዘንብሎ ነበር። የልጁን ልብ ያነቃቃው አንድ ጓደኛ ነው። ክሪስቶፈር ሞርኮም ይባላል፤ በአንድ ክፍል የሚበልጠው፣ እንደርሱ ሒሳብና ከዋክብት የሚወድ ወጣት ነበረ። ሞርኮም በልጅነቱ ከታመመች ላም ወተት የያዘው የሳንባ ነቀርሳ ጠንቶበት በፌብሩዋሪ 1930 በድንገት ሞተ። ቱሪንግ በዚህ ሐዘን እጅግ ተጐዳ። ለሟቹ እናት በሚጽፋቸው ደብዳቤዎች የሰው መንፈስ ሥጋው ካለፈ በኋላ ወዴት ይሄዳል እያለ ይመራመር ነበር፤ ለዚህም ያን ጊዜ ገና አዲስ የነበረውን የኳንተም ፊዚክስ ለማስረጃ ይጠራ ነበር። ኳንተም የሚለው ቃል በዚህ ሰው ሕይወት ውስጥ የገባው እንግዲህ በሐዘን ቤት በኩል ነው። በ1932 ፎን ኖይማን ስለ ኳንተም ፊዚክስ የሒሳብ መሠረት በጀርመንኛ ያወጣውን ከባድ መጽሐፍ ገና የሃያ ዓመት ወጣት ሳለ አነበበው።

በ1931 ካምብሪጅ ኪንግስ ኮሌጅ ገባ፤ በ1934 በከፍተኛ ማዕርግ ተመረቀ፤ በሚቀጥለው ዓመት በ22 ዓመቱ የኮሌጁ ፌሎ ሆኖ ተመረጠ። በዚያን ዘመን የጀርመኑ ሊቅ ዳቪድ ሂልበርት ያቀረበው አንድ ጥያቄ የሒሳብ ሰዎችን ሁሉ ያስጨንቅ ነበር። ይኸውም፣ ማናቸውም የሒሳብ ዓረፍተ ነገር ቢቀርብለት፣ ይህ ይረጋገጣል ወይም አይረጋገጥም ብሎ ያለ ስሕተት የሚፈርድ አንድ ቋሚ የአሠራር ሥርዓት ይገኛል ወይ የሚል ነው። ቱሪንግ በ1935 ይህን ጥያቄ ከመምህሩ ከማክስ ኒውማን ሰማ። ሌሎቹ ጥያቄውን በምልክትና በቀመር ሊፈቱት ሲታገሉ፣ እርሱ ግን መጀመሪያ አንድ የዋህ ጥያቄ ጠየቀ። የአሠራር ሥርዓት ማለት ራሱ ምንድን ነው?

እዚህ ላይ ትንሽ እንቆይ። ባላገሩ አያታችን ማባዣ ሠንጠረዥ ሳያጠና ያባዛ ነበር። 13 በግ እያንዳንዱ በ24 ብር ቢሸጥ (በዱሮው ዋጋ መሆኑ ነው) ሒሳቡን እንዲህ ያወጣል። 13ን እያጋመሰ 13፣ 6፣ 3፣ 1 ይላል፤ ጎደሎውን ይጥለዋል። በዚያው አንጻር 24ን እያጠፈ 24፣ 48፣ 96፣ 192 ይላል። ከዚያ በግራ በኩል ጎዶሎ ቁጥር ባለበት መስመር ያለውን ብቻ፣ ማለት 24ን፣ 96ንና 192ን ይደምራል፤ 312 ይመጣለታል። በውጭ አገር የሒሳብ መጻሕፍት ይህ ዘዴ የኢትዮጵያ ማባዛት ተብሎ ሲጠራ እናያለን፤ ምንም እንኳ የጥንት ግብፃውያንም ሆኑ የሩስያ ገበሬዎች ቢያውቁት። የሚያስደንቀው ነገር፣ ማጋመስና ማጠፍ ዛሬ ኮምፒዩተር በሁለት ምልክቶች፣ በ0 እና በ1፣ ከሚሠራበት መንገድ ጋር አንድ ዓይነት መሆኑ ነው። አባዢው ለምን እንደሚሆን ማወቅ አያስፈልገውም፤ ደንቡን መከተል ብቻ ይበቃዋል። እንዲህ ያለውን ደንብ ፈረንጆች አልጎሪዝም ይሉታል፤ ስሙም በዘጠነኛው መቶ ዓመት በባግዳድ ይኖር ከነበረው ከሙስሊሙ ሊቅ ከአል ኸዋሪዝሚ የተወሰደ ነው።

ቱሪንግ ይህን የመሰለውን ደንብ ተከታይ ሠራተኛ እስከ መጨረሻው ገፈፈው። የመጋዘን ጸሐፊ አንድ ረጅም የወረቀት ጥቅል ፊቱ ዘርግቶ እንደ ተቀመጠ እናስብ። ወረቀቱ በትናንሽ አራት ማዕዘን ቤቶች የተከፈለ ነው። ጸሐፊው በአንድ ጊዜ የሚያየው አንዱን ቤት ብቻ ነው፤ ያለበትን ምልክት ያነባል፤ ይሰርዛል ወይም ሌላ ይጽፋል፤ አንድ ቤት ወደ ግራ ወይም ወደ ቀኝ ይሄዳል፤ ቀጥሎ የትኛውን ደንብ እንደሚከተልም ያስታውሳል። ከዚህ በቀር ሥልጣን የለውም። ጸሐፊውን አስወጥተን በቦታው መኪና ብናስቀምጥ የቱሪንግ መኪና የሚባለው ይህ ነው። ቱሪንግ ሰው በደንብ እየተመራ ሊያሰላው የሚችለውን ሁሉ ይህ ምስኪን መኪና ሊያሰላው እንደሚችል አስረዳ። ቀጥሎም ከሁሉ የሚበልጠውን አሳብ አመጣ። የአንዱ መኪና ደንብ ራሱ በምልክት ተጽፎ በሌላው መኪና ወረቀት ላይ ሊቀመጥ ይችላል፤ ስለዚህ ለየሥራው አዲስ መኪና መሥራት አያስፈልግም፤ ደንቡን እያነበበ የሌሎቹን መኪናዎች ሥራ ሁሉ የሚሠራ አንድ ሁለንተናዊ መኪና ይበቃል ማለት ነው። ዛሬ በኪሳችን የያዝነው ስልክ ደብዳቤም ካሜራም ሬዲዮም የሆነው በዚህ ምክንያት ነው።

የሂልበርትንም ጥያቄ በዚሁ ዘጋው። አንድ መኪና ሥራውን ጨርሶ ይቆማል ወይስ ለዘላለም ይሽከረከራል ብሎ ስለማናቸውም መኪና የሚፈርድ ዳኛ መኪና አለ እንበል። እንግዲያው ከዚህ ዳኛ ፍርዱን ተቀብሎ ተቃራኒውን የሚያደርግ እምቢተኛ መኪና መሥራት ቀላል ነው፤ ይቆማል ሲለው ይሽከረከራል፣ ይሽከረከራል ሲለው ይቆማል። ይህ እምቢተኛ ስለራሱ በተጠየቀ ጊዜ ዳኛው የትኛውንም ቢፈርድ ይዋሻል። ስለዚህ እንዲህ ያለ ዳኛ የለም፤ ሊኖርም አይችልም። ጽሑፉ በ1936 መጨረሻ መታተም ሲጀምር ደራሲው የ24 ዓመት ወጣት ነበረ። አሜሪካዊው አሎንዞ ቸርች በሌላ መንገድ ከዚሁ መልስ ጥቂት ወራት ቀድሞት ደርሶ ስለነበረ፣ ቱሪንግ ወደ ፕሪንስተን ሄዶ ከቸርች ዘንድ ተማረና በ1938 የዶክተርነት ማዕርግ አገኘ። ፎን ኖይማን ረዳቴ ሁን ቢለው እምቢ ብሎ አገሩ ገባ።

ጦርነቱ በተነሣ ማግሥት፣ ሴፕቴምበር 4 ቀን 1939፣ ቱሪንግ ብሌችሊ ፓርክ በሚባለው የምስጢር ጽሕፈት መፍቻ ቦታ ለሥራ ቀረበ። ጀርመኖች ኤኒግማ በሚባል መኪና መልእክታቸውን ይሰውሩ ነበር። የፊደል ቁልፍ ሲነካ ኤሌክትሪኩ በሦስት ተሽከርካሪ መዘውሮች አልፎ ሌላ ፊደል ያበራል፤ በየፊደሉ መዘውሩ ስለሚዞር ያው ፊደል ደግሞ ቢነካ ሌላ መልስ ይሰጣል፤ ከፊት ለፊቱ ደግሞ ፊደላትን ጥንድ ጥንድ እያደረገ የሚያለዋውጥ የሽቦ ሰሌዳ አለው። ከአምስት መዘውር ሦስቱን መርጦ በዐሥር ሽቦ በሚሠራው ኤኒግማ፣ መኪናው ሊዘጋጅባቸው የሚችሉት መንገዶች 159 ሚሊዮን ሚሊዮን ሚሊዮን ያህል ናቸው። አንድ ሰው በየሴኮንዱ አንድ ሚሊዮን ቢሞክር እንኳ አምስት ሚሊዮን ዓመት ይፈጅበታል።

ታዲያ ቱሪንግ ከዚህ ቁጥር ጋር በጉልበት አልታገለም። የፖላንድ የሒሳብ ሊቃውንት፣ ከነርሱም ማርያን ሬየፍስኪ፣ ከ1932 ጀምሮ መንገዱን ጠርገው ምስጢሩን በ1939 ለእንግሊዞች አስረክበው ነበር፤ ይህን ውለታ የሚረሱ ጸሐፊዎች ብዙ ናቸውና እኛ ልናልፈው አንወድም። ቱሪንግ በዚያ ላይ ጨምሮ ቦምብ የሚባለውን መኪና አቀደ፤ የመጀመሪያው በማርች 1940 ተተከለ፤ ጐርደን ዌልችማን የተባለው ባልደረባውም አንድ ትልቅ ማሻሻያ አከለበት። የዘዴው ልብ ይህ ነው። በመልእክቱ ውስጥ ይኖራል ተብሎ የሚገመት ቃል፣ ለምሳሌ ጀርመኖች በየማለዳው የሚልኩት የአየር ጠባይ ወሬ፣ ከተሰወረው ጽሑፍ ሥር ይደረደራል። ኤኒግማ ምንጊዜም አንዱን ፊደል በራሱ ስለማይተካ፣ የማይሆኑት አደራረዶች ወዲያው ይወድቃሉ። ከዚያ ቦምቡ በየመዘውሩ አቀማመጥ ላይ፣ እንዲህ ቢሆን ይህ ይከተላል፤ ይህም ከዚያ ጋር ይጣላል እያለ የሽቦ ሰሌዳውን ግምቶች በብዛት በአንድ ጊዜ ይጥላል። በዚህም የሽቦ ሰሌዳው ያመጣው አስፈሪ ብዛት ሁሉ ከሒሳቡ ይወጣና፣ መፈተሽ የሚያስፈልገው የመዘውሮቹ አመራረጥና አቀማመጥ ብቻ፣ ማለት 1,054,560 ይሆናል። ከ159 ሚሊዮን ሚሊዮን ሚሊዮን ወደ አንድ ሚሊዮን! ይህን ቁጥር አንባቢያችን በአእምሮው ይዞ ይቆይ፤ ኋላ ስለ ኳንተም ስንናገር ይፈለጋል።

ይህ መሥሪያ ቤት ከኛ አገር ጋርም የተገናኘ ነበር። ደሴ ኅዳር 26 ቀን 1928 ዓ.ም. በጣሊያን አውሮፕላኖች እንደ ተደበደበች፣ በሚያዝያም እንደ ተያዘች ከሽማግሌዎች ሲወርድ ሲዋረድ የሰማነው ነው። ከአምስት ዓመት በኋላ፣ በምሥራቅ አፍሪካ የነበረው የጣሊያን ጦርና አየር ኃይል የሚለዋወጠው የምስጢር ጽሕፈት በብሌችሊ ፓርክና በካይሮ በነበረው ቅርንጫፍ ይነበብ ነበር። ቱሪንግ በዚያን ጊዜ ከጀርመን ባሕር ኃይል ኤኒግማ ጋር ይታገል ስለነበረ ይህ የርሱ ሥራ አይደለም፤ የሌሎች ባልደረቦቹ ሥራ ነው። የደቡብ አፍሪካ አንደኛ ብርጌድ ከኢትዮጵያውያን አርበኞች ጋር የኮምቦልቻን ተራሮች ተዋግቶ ሚያዝያ 18 ቀን 1933 ዓ.ም. ደሴ ሲገባ፣ ጠላት ምን እንዳሰበ ከጠላት እኩል የሚያነቡ ሰዎች ከበስተኋላ ነበሩ ማለት ነው። የአርበኛው ደም ያስገኘውን ድል ለወረቀት ሠራተኛ አሳልፈን አንሰጥም፤ ሆኖም ምስጢርን መሰወርና መፍታት የሩቅ አገር ቅንጦት አለመሆኑን ይህ ያሳያል።

ስለ ቱሪንግ ጠባይ ብዙ ይወራል። የአበባ ብናኝ ስለሚያስነጥሰው በብስክሌት ሲሄድ የመርዝ ጋዝ መከላከያ ጭምብል ያጠልቅ ነበር። የሻይ ኩባያው እንዳይወሰድበት ከቤት ማሞቂያው ብረት ጋር በሰንሰለት አስሮ ያኖር ነበር። ጀርመኖች አገሩን ቢይዙ ብሎ የብር ጥፍጥፍ ገዝቶ ጫካ ውስጥ ቀበረ፤ የቀበረበትን ለማግኘት ግን ኤኒግማን የፈታው ሰው እስከ መጨረሻው አልቻለም። እግሩ ደግሞ ፈጣን ነበረ። በ1947 ማራቶንን በ2 ሰዓት ከ46 ደቂቃ ከ3 ሴኮንድ ሮጠ፤ በ1948 የለንደን ኦሊምፒክ አሸናፊው የገባው ከዚህ በ11 ደቂቃ ያህል ብቻ ቀድሞ ነው። አበበ ቢቂላ በ1960 ሮማ ላይ በ2 ሰዓት ከ15 ደቂቃ ከ16 ሴኮንድ መግባቱን ለሚያውቅ ኢትዮጵያዊ ግን ይህ ብዙም አያስደንቅም።

ከጦርነቱ በኋላ በሐሳብ የነበረውን ሁለንተናዊ መኪና በእውን ለመሥራት ተነሣ። በለንደን አጠገብ በብሔራዊው የፊዚክስ ቤተ ሙከራ ኤስ የተባለውን ኮምፒዩተር ሙሉ ዕቅድ አወጣ፤ ሥራው በቢሮክራሲ ስለተጓተተ ተሰላችቶ በ1948 ወደ ማንቸስተር ዩኒቨርሲቲ ተዛወረ፤ እዚያ በዚያው ዓመት በጁን ወር የመጀመሪያው ደንቡን በራሱ ውስጥ የያዘ ኤሌክትሮኒክ ኮምፒዩተር ሠርቶ ነበር። በ1950 መኪና ያስባል ወይ የሚለውን ጥያቄ አንሥቶ የጻፈው ጽሑፍ ዛሬም ያከራክራል። በ1952 ደግሞ የእንስሳ ቆዳ ላይ ዥንጉርጉር እንዴት እንደሚወጣ በሒሳብ ገለጸ።

በዚያው ዓመት ከአንድ ወንድ ጋር በነበረው ግንኙነት ምክንያት በጊዜው በነበረው የእንግሊዝ ሕግ ተከሶ ተፈረደበት። ከእስራትና ከሆርሞን መድኃኒት አንዱን ምረጥ ሲባል መድኃኒቱን መረጠ። በጦርነቱ ጊዜ የአገሩን ምስጢር የተሸከመው ሰው ከዚያ ወዲያ የምስጢር ሥራ ተከለከለ። የሠራውም ሥራ ገና በምስጢር ስለተያዘ፣ ዳኞቹም ሆኑ ጎረቤቶቹ ማን እንደ ነበረ አያውቁም ነበር። ጁን 7 ቀን 1954 በሳያናይድ መርዝ ሞተ፤ በማግሥቱ አልጋው ላይ ተገኘ፤ አጠገቡም የተገመሰ ፖም ነበረ። መርማሪው ራሱን ገደለ ብሎ ዘጋው፤ እናቱ ግን በኬሚካል ሙከራ ሳይጠነቀቅ የደረሰ አደጋ ነው እያሉ እስከ ዕድሜያቸው ፍጻሜ ተከራከሩ። መንግሥቱ በ2009 ይቅርታ ጠየቀ፤ በ2013 የንግሥቲቱ ምሕረት ታወጀለት፤ በ2021 ምስሉ በ50 ፓውንድ ኖት ላይ ወጣ።

በመጨረሻው ዓመቱ ቱሪንግ ወደ ወጣትነቱ ነገር፣ ወደ ኳንተም ፊዚክስ፣ ተመልሶ ነበር። አንድ የኳንተም ነገር ሳይቋረጥ ቶሎ ቶሎ ቢመለከቱት ከነበረበት ሁኔታ መለወጡን ያቆማል የሚል እንግዳ ውጤት ከንድፈ አሳቡ አውጥቶ ለወዳጁ ጻፈ። ይህ ነገር ከብዙ ዓመት በኋላ በሌሎች ሊቃውንት ስም ተሰጥቶትና በሙከራ ታይቶ እውነት ሆኖ ተገኘ። ነገር ግን ሁለቱን ሥራዎቹን፣ መኪናውንና ኳንተሙን፣ አንድ ላይ ሳያገናኛቸው ሞት ቀደመው።

ያገናኘው በ1985 የኦክስፎርዱ ዳቪድ ዶይች ነው። ዶይች የቱሪንግን ጽሑፍ መልሶ አንብቦ አንድ ነገር አስተዋለ፤ የቱሪንግ ጸሐፊ የሚጽፍበት ወረቀት እንደ ተራ ወረቀት የተገመተ ነው፤ ዓለም ግን በሥሩ የኳንተም ዓለም ነው። እንግዲህ ወረቀቱም የኳንተም ቢሆንስ? የተራው ኮምፒዩተር ቢት ወይ 0 ወይ 1 ነው። የኳንተሙ ኩቢት ግን የ0ና የ1 ድርብ ሆኖ ሊቆይ ይችላል። ሃምሳ ኩቢቶች ሲተባበሩ ሁኔታቸውን በተራ መኪና ለመጻፍ 1,125,899,906,842,624 ቁጥሮች ያስፈልጋሉ። ወሬኛው ሁሉ የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። መኪናው ይህን ሁሉ መልስ በአንድ ጊዜ ያወጣል ብሎ ያስባል። አያወጣም፤ በተመለከትነው ጊዜ ድርቡ ይፈርስና አንዱ መልስ ብቻ በዕጣ ይደርሰናል። በዕጣማ ከሆነ ተራው መኪናስ መች አቃተው?

ጥበቡ ያለው በሌላ ነው። በሐይቅ እስጢፋኖስ ዳር ቆመን ሁለት ድንጋይ ብንወረውር፣ ሁለቱ የውኃ ቀለበቶች በሚገናኙበት ቦታ አንዳንዱ ማዕበል ተደምሮ ከፍ ይላል፤ አንዳንዱም ከጉድጓድ ጋር ገጥሞ ይጠፋል። ኩቢቶችም እንዲሁ የማዕበል ጠባይ አላቸው። የኳንተም አልጎሪዝም ማለት የስሕተት መልሶች ማዕበል እርስ በርሱ እንዲጠፋፋ፣ የትክክለኛው ግን እንዲደመር የሚያደርግ ደንብ ነው። እንዲህ ያለውን ደንብ ማግኘት ደግሞ ጭንቅ ነው፤ ከ1985 ወዲህ የተገኙት ትላልቆቹ በጣት የሚቆጠሩ ናቸው።

ከነዚህ ዝነኛው ፒተር ሾር በ1994 ያገኘው ነው። ባንኮች ምስጢራቸውን የሚቆልፉበት አርኤስኤ የሚባለው ቁልፍ የቆመው፣ ሁለት ትላልቅ ቁጥሮችን ማባዛት ቀላል ሲሆን ብዜቱን መልሶ መበተን ግን ከባድ በመሆኑ ላይ ነው። ሾር ይህን ወደ ዙር ፍለጋ ለወጠው። ሰኞ ገበያ በየሰባት ቀኑ እንደሚመለስ፣ አንዳንድ ቁጥሮችም ተራ ገብተው ይመለሳሉ። ለምሳሌ 7ን በራሱ እያባዛን በ15 ስናካፍል የሚተርፈው 7፣ 4፣ 13፣ 1 ነው፤ ከዚያ እንደገና 7 ይመጣል፤ ዙሩ 4 ነው። የዙሩን ግማሽ ወስደን 7 ጊዜ 7 ብንል 49፤ አንድ ቢቀነስ 48፣ አንድ ቢጨመር 50፤ 48 ከ15 ጋር የሚጋራው ትልቁ ከፋይ 3፣ 50 ደግሞ 5 ነው። 3 ጊዜ 5፣ 15! በትልቅ ቁጥር ዙሩን ማግኘት ተራውን መኪና ያቅተዋል፤ ማዕበል ግን ዙርን ፈልጎ ማግኘት ተፈጥሮው ነው። የአይቢኤም ሰዎች በ2001 ይህን 15 በሰባት ኩቢት በትነው አሳዩ።

ሁለተኛው ሎቭ ግሮቨር በ1996 ያገኘው ነው። ተራ በሌለው መዝገብ ውስጥ ካሉ 1,000,000 ስሞች አንዱን ለመፈለግ ተራው መኪና በመካከለኛ ግምት 500,000 ጊዜ መግለጥ አለበት፤ ግሮቨር በ785 ያህል እርምጃ ያገኘዋል። ድንቅ ነው፤ ነገር ግን ከዚህ የተሻለ ሊገኝ እንደማይችልም በሒሳብ ተረጋግጧል። አሁን ቀደም ብለን ያቆየነውን ቁጥር እናምጣው። ኤኒግማን በግሮቨር ዘዴ፣ የውስጡን አሠራር ሳንመረምር በደፈናው ብንፈልገው፣ ወደ 10 ቢሊዮን የሚጠጉ እርምጃዎች ያስፈልጉናል። የ1940ው ቦምብ፣ በብረት መዘውርና በሽቦ የሚንቋቋው፣ ቱሪንግ የነገሩን ውስጣዊ አሠራር ስለተረዳ፣ አንድ ሚሊዮን በሚያህል ፍተሻ ይጨርሰው ነበር። በእኛ አስተያየት የክርክሩ ፍሬ ነገር እዚህ ላይ ነው። የሾር ዘዴም የተሳካለት በኳንተም ፍጥነት ብቻ ሳይሆን ከቁጥሮቹ ውስጥ ዙር የሚባል ምስጢር ስላገኘ ነው።

ዶይች ራሱ ያረጋገጠው ሌላም ነገር አለ። የኳንተም ኮምፒዩተር የሚያሰላውን ሁሉ የቱሪንግ መኪና ጊዜና ወረቀት ይሰጠው እንጂ ያሰላዋል። ቱሪንግ አይቻልም ያለውን አዲሱም መኪና አይችለውም፤ ያ እምቢተኛ መኪና ለኳንተሙም ዳኛ እምቢ ይላል። የተለወጠው የሚቻለው ድንበር ሳይሆን የአንዳንዱ ሥራ ዋጋ ነው።

ዋጋውም ቢሆን የመጨረሻ ሆኖ አልተቆረጠም። ለደንበኛ የሚስማማውን ዕቃ መርጦ የማቅረብን ሥራ ኳንተም ኮምፒዩተር እጅግ አብልጦ ያፈጥነዋል ተብሎ በ2016 አንድ አልጎሪዝም ቀርቦ ነበር። በቴክሳስ የምትማር ኢዊን ታንግ የምትባል ተማሪ፣ ተራው መኪና ይህን ከቶ ሊደርስበት እንደማይችል አረጋግጪ የሚል የመመረቂያ ሥራ ተሰጣት። ማረጋገጫውን ስትፈልግ ጭራሽ ተቃራኒውን አገኘች፤ በ2018፣ በ18 ዓመቷ፣ ተራው መኪና ከኳንተሙ ጋር የሚቀራረብ ፍጥነት እንዲያገኝ የሚያደርግ ዘዴ አወጣች። ገና የመጀመሪያ ዲግሪዋን ያልያዘች ልጅ ናት፤ በእጇም ወረቀትና እርሳስ እንጂ የኳንተም መኪና አልነበረም። በ2019ም ጉግል 53 ኩቢት ባለው መኪና በ200 ሴኮንድ የሠራሁትን ታላቁ ኮምፒዩተር በ10,000 ዓመት አይጨርሰውም ሲል፣ አይቢኤም በሁለት ቀን ተኩል ይቻላል ብሎ ተቃወመ፤ ጥቂት ዓመት ቆይቶም የቻይና ተመራማሪዎች በተራ መኪናዎች በሰዓታት አደረሱት።

ይህን ማለታችን አዲሱን ለማጣጣል አይደለም። የአርኤስኤን 2,048 ቢት ቁልፍ ለመስበር በ2019 የተገመተው 20 ሚሊዮን ኩቢት ነበረ፤ በ2025 ግምቱ ከአንድ ሚሊዮን በታች ወርዷል። አይቢኤም በ2023 ያሳየው መኪና 1,121 ኩቢት ነበረው፤ እነርሱም ሙቀትና ጫጫታ ቶሎ የሚያስታቸው ናቸው። ገና ሩቅ ነው፤ ግን መንገዱ ከሁለቱም ጫፍ እየተጠረገ ነው። ዛሬ የተቆለፈን ደብዳቤ ጠልፎ አስቀምጦ ቁልፍ ሰባሪው መኪና የተሠራ ዕለት ለመክፈት የሚጠባበቅም አይጠፋም። ስለዚህ የአሜሪካ የደረጃዎች መሥሪያ ቤት ከዓለም ዙሪያ የቀረቡትን ለዓመታት ሲያፈትን ቆይቶ፣ የኳንተም መኪና አይሰብራቸውም የተባሉ ሦስት አዳዲስ የቁልፍ ደንቦችን በኦገስት 2024 አወጣ። የኛም ባንኮችና ቴሌኮም እንደ ሌላው ዓለም አሮጌውን ቁልፍ በአዲሱ መለወጥ ይኖርባቸዋል፤ ይህን የሚሠራ ሰውም ከየትም ሳይሆን ከየግቢው ነው የሚወጣው። አዲሶቹ ደንቦች ለመሥራት አንድ ኩቢት እንኳ አይፈልጉም፤ ሦስቱም የሚሠሩት በዚሁ በተለመደው ኮምፒዩተር ላይ ነው።